ክር የሚበጥስ የስፌት መኪና፦ ማጥበቂያውን ከመንካታችሁ በፊት

መኪናው ክር ሲበጥስ የብዙ ሰው እጅ ቀድሞ የሚሄደው ወደ ክር ማጥበቂያው ነው። ትንሽ ያላላል፣ ይሰፋል፣ ይበጠሳል፣ አሁንም ያላላል። ትንሽ ቆይቶ ክሩ ከጨርቁ ሥር ተተብትቦ፣ የማጥበቂያው ቁጥር የት እንደነበረ ተረስቶ፣ የመጀመሪያው ጥፋት ግን እንዳለ ቁጭ ብሎ ይገኛል። ማጥበቂያ ደግሞ ሌሊት ተነስቶ በራሱ አይዞርም። ትናንት ደህና ሲሰፋ ያደረ መኪና ዛሬ ክር መበጠስ ከጀመረ የተለወጠው ሌላ ነገር ነው፦ መርፌው፣ ክሩ፣ የክሩ አገባብ ወይም ከታች የተጠራቀመው ብናኝ። ማጥበቂያውን የመጨረሻ አድርጉት።

ጫፉን ተመልከቱ

ክሩ እንደተበጠሰ እግራችሁን ከፔዳሉ አንሱ፤ የቀረውን ጫፍ ግን አትቁረጡት። ነጭ ክር ከሆነ ጥቁር ጨርቅ ላይ፣ ጥቁር ከሆነ ነጭ ወረቀት ላይ አጋድማችሁ በብርሃን እዩት።

ጫፉ እንደ አሮጌ ብሩሽ ተበትኖ፣ ከእሱ በላይ ያለው ሁለት ሦስት ሴንቲ ሜትር ደግሞ ጠጉር አውጥቶ ከሆነ ክሩ ሲፋቅ ቆይቶ ነው የተበጠሰው። ይህ አብዛኛውን ጊዜ የመርፌ ጉዳይ ነው፤ መርፌው ደንዝዟል፣ ቀዳዳው ለክሩ ጠቧል ወይም ዞሮ ገብቷል። ጫፉ በምላጭ የተቆረጠ ያህል ንጹሕ ከሆነ ስለት ያወጣ ብረት ፈልጉ። ቀጥኖና እንደ ሞላ ተጠቅልሎ ካገኛችሁት ተወጥሮ የተበጠሰ ነው፤ ወይ ማጥበቂያው ከልክ በላይ ጠብቋል፣ ወይ ላይ ጥቅሉ ጋ አንድ ነገር ይዞታል። ጥቅሉን አስቀድሙ። ጫፉ ላይ ጣት የሚቆረቁር ትንሽ ጠንካራ ጉብታ ካለ ደግሞ ፖሊስተሩ ቀልጧል። ፖሊስተር የሚቀልጠው ከ250 እስከ 260 ዲግሪ ሴንቲግሬድ አካባቢ ነው፤ በቤት መኪና ይህ የሚያጋጥመው ወፍራም ጂንስ ወይም ሸራ በደነዘዘ መርፌ ያለ ዕረፍት ሲነዳ ነው። መርፌ ቀይሩ፣ ፍጥነት ቀንሱ።

ክሩን አውጥታችሁ እንደገና አስገቡ

የትኛውም ዓይነት ጫፍ ይሁን፣ ይህን ሳታደርጉ ወደ ሌላ አትለፉ። ገንዘብ አያስወጣም፤ አንድ ደቂቃ ቢፈጅ ነው፤ ክር ከሚበጥሱት መኪኖች ብዙዎቹም እዚሁ ላይ ይድናሉ።

1. ጨርቁን ተጭኖ የሚይዘውን እግር ወደ ላይ አንሱ። ማጥበቂያው ውስጥ ያሉት ሁለት ክብ ብረቶች የሚላቀቁት እግሩ ሲነሳ ብቻ ነው። እግሩ ወርዶ ክር ብታስገቡ ክሩ በብረቶቹ መካከል ሳይሆን በጠርዛቸው ላይ ያልፋል።
2. መዘውሩን (በእጅ የሚዞረውን ጎማ) ወደ ራሳችሁ አዙራችሁ ክር ሳቢውን ክንድ፣ ማለትም ከፊት ክሩን ይዞ ከፍ ዝቅ የሚለውን ብረት፣ ወደ መጨረሻው ከፍታ አምጡ።
3. አሮጌውን ክር ጥቅሉ ጋ ቆርጣችሁ በመርፌው በኩል ወደ ታች ሳቡት። ወደ ኋላ በጥቅሉ በኩል ከሳባችሁት ቁርጥራጩና ብናኙ ማጥበቂያው ውስጥ ይቀራል።
4. አዲሱን ክር አንዱን ማሳለፊያ እንኳ ሳትዘሉ አስገቡ። ብዙ ጊዜ የሚዘለለው ከመርፌው በላይ ያለችው የመጨረሻዋ ትንሽ ሽቦ ናት።
5. እግሩ ተነስቶ ሳለ ክሩን ከመርፌው በኩል ሳቡ፤ ያለ ችግር መምጣት አለበት። እግሩን አውርዳችሁ እንደገና ሳቡ፤ አሁን መርፌው በመጠኑ እስኪጎብጥ መያዝ አለበት። በሁለቱ መካከል ልዩነት ከሌለ ክሩ ማጥበቂያው ውስጥ የለም ማለት ነው።

ከጨርቁ ሥር ክር እንደ ወፍ ጎጆ ሲተበተብ ሰው ሁሉ ቦቢኑን (የታችኛው ክር የሚጠነጠንበትን ትንሽ ጥቅል) ይከሳል። የተተበተበውን ክር ቀለም ብታዩ ግን የላይኛው ክር ሆኖ ታገኙታላችሁ። ማጥበቂያ ያልያዘው የላይ ክር ከታች ይዝረከረካል፣ መንጠቆው (ከታች ሆኖ ክሩን ከመርፌው የሚቀበለው ብረት) ዙሪያ ይጠመጠማል፣ በመጨረሻም ይበጠሳል።

መርፌው

ላይኛው ክር ስፌት ሆኖ ከመቀመጡ በፊት አንዷ ነጥብ በመርፌው ቀዳዳ ውስጥ በደርዘን የሚቆጠር ጊዜ ወዲያና ወዲህ ትመላለሳለች። ቀዳዳው ውስጥ በዓይን የማይታይ ጭረት ቢኖር እንኳ ያንን ሁሉ ጊዜ ይፍቃታል። ለዚህ ነው መርፌ መቀየር ከማንኛውም ጥገና የሚቀድመው። ስምንት ሰዓት ያህል ከሰፋችሁበት ይበቃዋል፤ ሰሌዳውን (ከጨርቁ ሥር ያለውን፣ መርፌው በቀዳዳው የሚያልፍበትን ብረት)፣ ዚፕ ወይም ስፒል ከመታ ደግሞ ያኔውኑ ጣሉት። አሮጌውን "ገና አልተሰበረም" ብሎ ማቆየት ከክር ወጪው አንጻር ሲታይ የማያዋጣ ቁጠባ ነው።

ስትገዙ ፓኬቱን አንብቡ። ለቤት መኪና የሚሆነው 130/705 ኤች፣ 15×1 ወይም ኤችኤ×1 ተብሎ ይጻፍበታል፤ ሦስቱም አንድ ናቸው። ዲቢ×1 የሚለው የፋብሪካ መኪና መርፌ ነው። ራሱ ድፍን ክብ ስለሆነ ጠፍጣፋ ራስ በሚፈልግ መኪና ላይ በትክክል አይቀመጥም፤ በግድ ቢገባም ክር ይዘላል፣ ይበጥሳል።

አሁን መርፌውን በጣታችሁ ይዛችሁ ተመልከቱ። ወፍራሙ ራሱ በአንድ በኩል ጠፍጣፋ ነው። በተቃራኒው በኩል ከራሱ ጀምሮ እስከ ቀዳዳው የሚወርድ ረጅም ቦይ አለ፤ መርፌው ጨርቁን ሲወጋ ክሩ የሚደበቀው እዚያ ውስጥ ነው። በጠፍጣፋው በኩል ደግሞ ከቀዳዳው ከፍ ብሎ ትንሽ ስርጉድ አለች፤ መንጠቆው ክሩን የሚቀበለው በእሷ ነው። ከዚህ ሁለት ነገር ይወጣል፦ ክር የሚገባው ሁልጊዜ ከቦዩ በኩል ነው፤ ጠፍጣፋው ደግሞ ሁልጊዜ ወደ መንጠቆው ወገን ይዞራል። በዛሬዎቹ የቤት መኪኖች፣ ቦቢናቸው ከፊትም ይግባ ከላይ፣ ጠፍጣፋው ወደ ኋላ ነው፤ ክሩም ከፊት ወደ ኋላ ይገባል። ቦቢናቸው ከግራ በኩል በሚገባው በሲንጀር 15 እና በእሱ አምሳል በተሠሩት ቢራቢሮ በሚባሉት የቻይና መኪኖች ግን ጠፍጣፋው ወደ ግራ ነው፤ ክሩ ከቀኝ ወደ ግራ ይገባል። ከአንዱ መኪና ወደ ሌላው የሚሸጋገር ሰው የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው። መርፌውን እስኪቆም ወደ ላይ ገፍታችሁ ብሎኑን በካቻቢቴ አጥብቁት፤ ግማሽ ሚሊ ሜትር ዝቅ ብሎ ቢቀር መንጠቆው ክሩን በትክክል አያገኘውም።

ፓኬቱ ላይ 90/14 የሚለው ቁጥር ሚስጥር የለውም። 90 ማለት የመርፌው ግንድ 0.90 ሚሊ ሜትር ነው፤ 14 የአሜሪካ አቆጣጠር ነው። ለሳቲንና ለስስ ሻሽ 60/8 ወይም 70/10፣ ለአቡጀዲና ለሸሚዝ 80/12፣ ለካኪ፣ ለመጋረጃና ጥለቱ ወፈር ላለ ሸማ 90/14፣ ለጂንስ 100/16፣ ለሸራና ተደራርቦ ለታጠፈ ጂንስ 110/18። ለቲሸርትና ለሚለጠጥ ጨርቅ ጫፉ ድቡልቡል የሆነውን ልዩ መርፌ ግዙ።

ይህ ግን ግማሹ ነው። መርፌ የሚመረጠው ለጨርቁ ብቻ ሳይሆን ለክሩም ነው። ገበያ ላይ በብዛት የሚገኘው 40/2 ፖሊስተር ከ80 እና ከ90 መርፌ ጋር ይስማማል። የጂንስ ማስጌጫ ወፍራም ክር በ80 መርፌ ላይ ከሆነ ግን የትኛውም ማጥበቂያ አያድነውም፤ ቢያንስ 100 ይፈልጋል፤ ቦቢኑ ላይ ደግሞ የተለመደውን ቀጭን ክር አድርጉ። እርግጠኛ ካልሆናችሁ 30 ሴንቲ ሜትር ክር ቁረጡና መርፌውን ብቻውን ሰኩበት። ክሩን በሁለት እጃችሁ ወጥራችሁ አንዱን ጫፍ ከፍ አድርጉ። መርፌው በራሱ ክብደት ተንሸራቶ ከወረደ ይስማማሉ። መንገድ ላይ ከቆመ ቀዳዳው ጠቧል፤ አንድ ቁጥር ጨምሩ።

ክሩ

ጥሩ ክር ስትበጥሱት ጠብ ብሎ ይበጠሳል፤ ያረጀ ክር ያለ ምንም ትግል በእጅ ላይ ይለያያል። ከጥቅሉ ከሦስት አራት የተለያየ ቦታ እየወሰዳችሁ በሁለት እጅ ሞክሩ። መስኮት ወይም በረንዳ ላይ ፀሐይ ሲመታው የከረመ የጥጥ ወይም የናይሎን ክር ከላይ የደበዘዘው ድርብ ብቻ ሊሆን ይችላል የደከመው፤ ቀለሙ እስኪደምቅ ድረስ ገፋችሁ እንደገና ሞክሩ። ርካሽ ክር ደግሞ ሌላ ጣጣ አለው። በብርሃን ፊት 50 ሴንቲ ሜትር ወጥራችሁ ብታዩት አንዳንድ ቦታ ያብጣል፣ አንዳንድ ቦታ ይቀጥናል። ያበጠው ቀዳዳው ውስጥ ይቀረቀራል፤ የቀጠነው ይበጠሳል። እንዲህ ያለውን ለጊዜያዊ የእጅ ስፌት አስቀሩት እንጂ መኪና ላይ አታውጡት።

የጥቅሉ አቀማመጥም የራሱ ሕግ አለው። ክሩ ጎን ለጎን ቀጥ ብሎ የተጠቀለለበት ጥቅል በቆመ እንጨት ላይ እየዞረ መፈታት አለበት። ክሩ እየተሻገረ በኤክስ ቅርጽ የተጠቀለለበት ጥቅልና ትልቁ ኮን ደግሞ በጫፋቸው በኩል ሳይዞሩ መፈታት አለባቸው። ትልቁን ኮን ከመኪናው ኋላ መሬት ላይ ወይም ብርጭቆ ውስጥ አቁሙትና ክሩ ቀጥ ብሎ ወደ ላይ ከወጣ በኋላ ወደ መኪናው ይሂድ።

ከላይ የሚይዝ ነገር ሲኖር ደግሞ ሁለት ቦታ እዩ። በትናንሽ የፕላስቲክ ጥቅሎች ጠርዝ ላይ የክር ጫፍ ማስቀመጫ ስንጥቅ አለች፤ ጥቅሉን ስንጥቋ ከክሩ መውጫ በተቃራኒ እንድትሆን አድርጋችሁ አስገቡ። ሌላው፣ ክሩ ተንሸራቶ ከጥቅሉ ሥር እንጨቱ ላይ መጠምጠሙ ነው፤ ከሥሩ ክብ ስፖንጅ ወይም የጨርቅ ቁራጭ ብታደርጉ ይቆማል።

ቦቢኑና ቤቱ

ታችኛው ክር ሲበጠስ ነገሩ ጠበብ ያለ ነው። ቦቢኑ ከመጠን በላይ ሞልቶ ቤቱን እየፋቀ ነው፣ ላልቶና ተዘበራርቆ ተጠቅልሏል፣ ጠርዙ ተሰንጥቋል፣ ወይም የሌላ መኪና ቦቢን ነው። ከጠርዙ 1 ወይም 2 ሚሊ ሜትር ሲቀረው ማጠንጠኑን አቁሙ። በብዛት የሚገኘው ቁጥር 15 ቦቢን የክቡ ስፋት 20 ሚሊ ሜትር ያህል ሆኖ ሁለቱም ፊቱ ጠፍጣፋ ነው፤ ቁጥር 66 ግን ፊቱ ጎበጥ ያለ ነው። በመጠን ስለሚቀራረቡ አንዱ በሌላው ቦታ የገባ ይመስላል፤ ከገባ በኋላ ግን ይንቀጠቀጣል፣ ይቀረቀራል።

ብረት የሆነው የቦቢን ቤት ጎኑ ላይ ስስ ሞላ አለው፤ ክሩ በእሱ ሥር ያልፋል። በዚያ ሞላ ሥር አንዲት የብናኝ ቅንጣት ብትገባ ክሩን አንዴ ትይዘዋለች፣ አንዴ ትለቀዋለች። የወፍራም ወረቀት ማዕዘን አስገብታችሁ ጥረጉት፤ ስፒል አታስገቡ፣ ይጭረዋል። ከዚያ ቤቱን ከነቦቢኑ በክሩ ጫፍ አንጠልጥሉት። ዝም ብሎ መንጠልጠል አለበት፤ እጃችሁን ነቅነቅ ስታደርጉ 2 ወይም 3 ሴንቲ ሜትር ወርዶ ይቁም። በራሱ እስከ መሬት ከወረደ ላልቷል፤ ሲነቀነቅም ካልተንቀሳቀሰ ጠብቋል። የሚስተካከለው ሞላው ላይ ባለችው ትንሽ ብሎን ነው፤ በአንድ ጊዜ በሰዓት ገበታ ላይ 5 ደቂቃ ያህል ብቻ አዙሯት። ይህን ነጭ ፎጣ ላይ ሆናችሁ አድርጉ። ብሎኗ ከሩዝ ፍሬ ታንሳለች፤ መሬት ላይ ከወደቀች አትገኝም።

ቤቱ ወጥቶ ሳለ የመርፌውን ሰሌዳ ፈታችሁ ጨርቁን የሚገፉትን ጥርሶችና መንጠቆው የሚሽከረከርበትን ጎድጓዳ በብሩሽ ጥረጉ። በአፍ አትንፉ፤ እርጥበት ትጨምራላችሁ፣ ብናኙንም ወደ ውስጥ ትገፋላችሁ። ሸማ የሚሰፋ ሰው ይህን ከእያንዳንዱ ልብስ በኋላ ማድረግ አለበት፤ የእጅ ፈትል የሚጥለው ብናኝ ከፋብሪካ ጨርቅ ጋር አይወዳደርም። ቦቢኑ በብረት ጎድጓዳ ውስጥ ለሚሽከረከር መኪና አንድ ጠብታ የስፌት መኪና ዘይት በቂ ነው፤ ከዚያ ቁራጭ ጨርቅ ላይ ጥቂት ስፉ። የምግብ ዘይት ፈጽሞ አይሁን። ሰንብቶ እንደ ሙጫ ይሆናል፤ መኪናው ይከብዳል፣ ክሩም ይጣበቃል። ቦቢኑ ከላይ በፕላስቲክ ቤት ውስጥ የሚገባበት መኪና ከሆነ ቤቱን ዘይት አታድርጉበት።

የተጫረ ብረት

ጫፉ ንጹሕ ሆኖ የተቆረጠ ከሆነ ሰሌዳውን አንሡ። መርፌ አንዴ እንኳ ከመታው በቀዳዳው ጠርዝ ላይ ትንሽ ጥርስ ያወጣል። በጣት ላይታወቅ ይችላል። ጥጥ ወይም አሮጌ የናይሎን ካልሲ በቀዳዳው ዙሪያ አሹበት፤ የያዘው ቦታ ላይ ነው ጥፋቱ። እንዲሁ የመንጠቆውን ጫፍ፣ የቦቢን ቤቱን ጠርዝና ክሩ የሚያልፍባቸውን ማሳለፊያዎች ፈትሹ። ዘመናት ያገለገለ መኪና ላይ ክሩ ራሱ ብረቱን ቦይ አስይዞት ታገኛላችሁ።

ጭረቱ ትንሽ ከሆነ በ600 ብርጭቆ ወረቀት ጀምራችሁ በ1000 ወይም ከዚያ በላይ ጨርሱ። ወረቀቱን በቀጭኑ ቆርጣችሁ በቀዳዳው ውስጥ አሳልፉና እንደ ጥርስ መፋቂያ ወዲያ ወዲህ በሉት። ዓላማው ማለስለስ እንጂ ቀዳዳውን ማስፋት አይደለም፤ ቀዳዳው ከሰፋ ስስ ጨርቅ ወደ ታች ይውጣል። በጣም ከተጎዳ አዲስ ሰሌዳ ይገዛ። የመንጠቆውን ጫፍ ግን ከማለስለስ አልፋችሁ አትሞርዱት፤ ካጠረ ክር መያዝ ያቆማል።

አሰፋፋችሁ

ስፌት ስትጀምሩ ሁለቱንም ክሮች 10 ሴንቲ ሜትር ያህል ትታችሁ ወደ ኋላ ያዙ፤ ሁለት ሦስት ስፌት እስኪሄድ አትልቀቁ። ስትጨርሱ ክር ሳቢው ክንድ ወደ መጨረሻው ከፍታ ሳይደርስ ጨርቁን አትጎትቱ። በመሀልም ጨርቁን ከኋላ አትሳቡት፤ መርፌው ይጎብጥና ሰሌዳውን ይመታል፤ ከላይ ያለው የሰሌዳ ጭረት አብዛኛው የሚመጣው ከዚህ ነው።

በእግር በሚረገጥ መኪና ላይ መዘውሩ ሁልጊዜ ወደ ሰፊው ይዙር። አረጋገጡን ያልለመደ ሰው ሲነሳ መዘውሩን ወደ ኋላ ይመልሰዋል፤ ክሩ መንጠቆው ውስጥ ይጠመጠምና ወዲያው ይበጠሳል። መጀመሪያ በእጃችሁ መዘውሩን ወደ ራሳችሁ ገፍታችሁ ከዚያ እርገጡ።

የጂንስ ጎን ስፌት የሚሻገርበት ጉብታ ላይ እግሩ ወደ ላይ ያጋድላል፤ መርፌውም ያዘነብላል። ጉብታው ጋ ስትደርሱ ቁሙ፣ ከእግሩ ኋላ በጉብታው ልክ የታጠፈ ካርቶን ወይም ጂንስ አስገብታችሁ እግሩን ደልድሉ፣ መዘውሩን በእጅ እያዞራችሁ ተሻገሩ።

ወርቃማና ብርማ ክር

ለሐበሻ ቀሚስ ጥልፍ የሚሆነው የሚያብለጨልጭ ክር በውስጡ ቀጭን ክር ሆኖ ከላይ ስስ ፎይል የተጠቀለለበት ነው። ፎይሉ ጠባብ ቀዳዳ ውስጥ ይላጣል፤ ከተላጠ በኋላ ይቋጠራል። ቀዳዳው ሰፋ ያለ የብረታ ብረት ክር መርፌ ወይም የማስጌጫ ስፌት መርፌ በ90/14 ተጠቀሙ፤ ማጥበቂያውን ወደ 2 ወይም 1 አውርዱ፤ ቦቢኑ ላይ ቀጭን ፖሊስተር ይሁን፤ ጥቅሉን አቁሙትና እየዞረ ይፈታ፤ ፍጥነቱ የግማሽ ግማሽ ይሁን። አሁንም ካስቸገረ አቅጣጫውን ገልብጡት። ወርቃማውን ክር ቦቢኑ ላይ አጠንጥኑ፣ ጨርቁን በግልባጩ አድርጋችሁ ስፉ። ታችኛው ክር በመርፌ ቀዳዳ ስለማያልፍ አይፋቅም፤ ጥልፉ በፊቱ በኩል ይወጣል።

ማጥበቂያው አሁን

መርፌው አዲስ፣ ክሩ ጤነኛ፣ ቦቢኑ ንጹሕ ከሆነ በኋላ ከላይ ቀይ ከታች ነጭ ክር አድርጉና ከምትሰፉት ጨርቅ ቁራጭ ላይ በሁለት ድርብ 20 ሴንቲ ሜትር ያህል ስፉ። ቁጥሩ ከ0 እስከ 9 ባለበት መኪና ከ4 ጀምሩ። ከላይ ቀይ ብቻ፣ ከታች ነጭ ብቻ ከታየ ጨርሳችኋል። ነጩ ነጠብጣብ እየሆነ ከላይ ብቅ ካለ የላዩ ጠብቋል፤ በግማሽ ቁጥር አላሉት። ቀዩ ከታች ቀለበት ከሠራ የላዩ ላልቷል፤ በግማሽ ቁጥር አጥብቁት። ቦቢኑን የምትነኩት የላዩ ከ2 በታች ወይም ከ7 በላይ ካልሆነ አልስተካከል ሲል ብቻ ነው።

ይህ ሁሉ ተደርጎ አሁንም ክር ከበጠሰ፣ በተለይ ከመበጠሱ በፊት ስፌት ሲዘል ከነበረ፣ መንጠቆውና መርፌው ጊዜያቸው ተሳስቶ ይሆናል። ሰሌዳውን ፈታችሁ መዘውሩን ቀስ ብላችሁ አዙሩ። መርፌው እስከ መጨረሻው ወርዶ 2 ሚሊ ሜትር ያህል መነሳት ሲጀምር የመንጠቆው ጫፍ ከቀዳዳው ትንሽ ከፍ ብሎ በስርጉዷ በኩል መርፌውን ሊነካው ምንም ሳይቀረው ማለፍ አለበት። ቀድሞ ወይም ዘግይቶ ካለፈ፣ ወይም በመሀላቸው ወረቀት የሚያስገባ ክፍተት ከታየ፣ ወደ ጠጋኝ ውሰዱት። ስትወስዱት መርፌውንና ክሩን አታውጡ፤ የበጠሰውን ክርና የሰፋችሁበትን ቁራጭ ጨርቅ አብራችሁ ስጡት።